ፍጡርና መኖሪያው፦ የሐይቅና የአምባሰል ምድር የሚነግረን ታሪክ

ስለ ሐይቅና ስለ አምባሰል ታሪክ ሲነሣ በአብዛኞቻችን አእምሮ ቀድሞ የሚመጣው የነገሥታትና የውል ታሪክ ነው። ሚያዝያ 25 ቀን 1881 ዓ.ም. በዳግማዊ ምኒልክና በኢጣሊያ መንግሥት መካከል የተፈረመው፣ በኋላም ለዐድዋ ጦርነት ምክንያት የሆነው ውል ስሙን ያገኘው ከአምባሰሏ ውጫሌ ነው። በጥንት ዘመን የነገሥታት ልጆች ተግዘው የሚኖሩበት የግሸን አምባም የሚገኘው በዚሁ በአምባሰል ነው። የሐይቅ እስጢፋኖስ ገዳም ደግሞ ከ13ኛው መቶ ዓመት ጀምሮ ስሙ የታወቀ ነው። ይህ ሁሉ ተጽፏል፤ ልጆቻችንም በትምህርት ቤት ይማሩታል።

ሆኖም በዚያው ምድር ላይ ብዙ ያልተወራለት ሌላ ታሪክ አለ። ይኸውም የዛፉ፣ የዓሣው፣ የንቡ፣ የሳሩና የአፈሩ ታሪክ ነው። ንጉሥ ቢያልፍ ሌላ ንጉሥ ይተካል፤ ውል ቢፈርስ ሌላ ውል ይዋዋሉታል። አፈሩ ታጥቦ የሄደ ተራራና ውሃው የሸሸ ሐይቅ ግን በቀላሉ አይመለሱም። ስለዚህ በዛሬው ጽሑፋችን ይህንኑ የተዘነጋ ታሪክ አንሥተን ጥቂት እንነጋገር።

የነገሩ ፍሬ ሐሳብ አንድ ነው። ሕይወት ያለው ፍጡር ሁሉ ከመኖሪያው ተነጥሎ መኖር አይችልም፤ አንዱ መኖሪያም ከጎረቤቱ መኖሪያ ተነጥሎ አይቆምም። የሐይቁን ጤና የሚወስነው በውሃው ውስጥ ያለው ነገር ብቻ አይደለም፤ ከበላዩ የቆመው ተራራም ጭምር ነው። ይህን ያልተረዳ ሰው ሐይቁን የሚያድን መስሎት ውሃውን ብቻ ሲመለከት፣ ጥፋቱ ግን ከጀርባው ከተራራው ይወርዳል።

የአባቶቻችን ዕውቀት

ስለ መኖሪያ የሚያስተምረው ሳይንስ ወደ አገራችን ከመግባቱ በፊት አባቶቻችን ምድሪቱን ቆላ፣ ወይና ደጋ፣ ደጋና ውርጭ ብለው ከፍለዋት ነበር። ይህ አከፋፈል የቦታ ስም ብቻ እንዳይመስላችሁ። ቆላ ሲሉ ሙቀቱን፣ ዝናቡን፣ አፈሩን፣ የሚበቅለውን እህል፣ የሚረባውን ከብትና የሚይዘውን በሽታ ሁሉ በአንድ ቃል መናገራቸው ነው። በአምባሰል ይህ ሁሉ በአንድ ተራራ ላይ ይገኛል። ከላይ ገብስና ባቄላ የሚዘራው ደገኛ፣ ከመካከል ጤፍ የሚያመርተው፣ ከታች ወደ ቆላው ማሽላ የሚያበቅለው ገበሬ በአንድ ገበያ ይገናኛሉ። ደገኛውን «ለምን ማሽላ አትዘራም?» ብላችሁ ብትጠይቁት ይስቅባችኋል። እህሉ ቦታውን እንደሚመርጥ ያውቃልና።

ሳይንሱም የሚለው ይህንኑ ነው። ማንኛውም ፍጡር ለመኖር የሚሻቸው ነገሮች አሉት፤ ውሃ፣ የሚስማማው ሙቀት፣ ምግብ፣ መጠለያና መራቢያ ቦታ። ከእነዚህ አንዱ ቢጓደል ሌሎቹ ሞልተው ቢተርፉ አይጠቅሙትም።

ለምሳሌ ያህል በሐይቅ ውስጥ የሚኖሩትን ሁለት የዓሣ ዓይነቶች እንውሰድ። አንደኛው ቆሮሶ ወይም ቲላፒያ የምንለው ነው። ይህ ዓሣ ሲራባ ወንዱ ጥልቀት በሌለው የዳርቻ ውሃ ውስጥ አሸዋውን ጎድጎድ አድርጎ ጎጆ ይሠራል። ሴቲቱ እንቁላሏን ከጣለች በኋላ መልሳ በአፏ ትይዘዋለች፤ ጫጩቶቹም ጉልበት እስኪያገኙ ድረስ አደጋ ባዩ ቁጥር ወደ እናታቸው አፍ ይገባሉ። ሁለተኛው አምባዛ ነው። አምባዛ በክረምት ውሃው ሲሞላ ወደ ተጥለቀለቀው ሣርና ወደ ወንዝ አፍ ወጥቶ እንቁላሉን ይጥላል። ከጉንፉ ሌላ ከአየር የሚተነፍስበት አካል ስላለው በደፈረሰና አየር ባነሰው ውሃ ውስጥም ይቆያል። እንግዲህ ሁለቱም የሚኖሩት በአንድ ውሃ ሲሆን የሚሹት ግን የተለያየ ነው። ነገር ግን ሁለቱም ለመራባት የሚፈልጉት መካከለኛውን ጥልቅ ውሃ ሳይሆን ዳርቻውን ነው። ቄጠማው ተነቅሎ፣ ሣሩ ታርሶ፣ ዳርቻው በደለል ሲሞላ የመጀመሪያው ተጎጂ ማን እንደሚሆን ከዚህ መገመት አያዳግትም።

የሐይቁ አቀማመጥ

አንዳንድ አንባቢያን አካባቢውን አይታችሁት ላታውቁ ስለምትችሉ ጥቂት እናብራራ። ከደሴ ወደ ወልድያ በሚወስደው መንገድ 30 ኪሎ ሜትር ያህል እንደተጓዛችሁ የተሁለደሬ ወረዳ ዋና ከተማ የሆነችውን ሐይቅን ታገኛላችሁ። ከከተማይቱ በስተ ምሥራቅ ጥቂት ራቅ ብሎ ብዙዎች «ሎጎ ሐይቅ» የሚሉት ውሃ ተንጣሎ ይታያል። ከባሕር ጠለል በላይ ወደ 1,900 ሜትር ከፍታ ላይ ያለ ሲሆን ስፋቱ 23 ካሬ ኪሎ ሜትር ገደማ፣ ጥልቀቱም ከ80 ሜትር በላይ ነው። ከእርሱ ከፍ ባለ ቦታ አርድቦ የሚባል ሌላ ሐይቅ አለ። ከአርድቦ የሚነሣው የአንከርካ ወንዝ ወርዶ ወደ ሎጎ ሐይቅ ይገባል።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ በሉ። ሎጎ ሐይቅ በገሃድ የሚታይ መውጫ ወንዝ የለውም። ከዙሪያው ከተራራው የወረደው ሁሉ፣ ውሃውም፣ አፈሩም፣ ፍግና ማዳበሪያውም፣ የሚረጨው መድኃኒትም መጨረሻው እዚያ ነው። ጣና ቢሆን ዓባይ ይዞለት ይወጣል። ሎጎ ሐይቅ ግን የተቀበለውን አቅፎ ይይዛል። በመሆኑም በተራራው ላይ የተሠራው መልካምም ሆነ ክፉ በሐይቁ ውስጥ ይመዘገባል ቢባል ማጋነን አይሆንም።

ከጭቃ ውስጥ የወጣ ታሪክ

ይመዘገባል ያልነው ለአባባል ያህል አይደለም። የዕፅዋትን ጥንታዊ ታሪክ የሚያጠኑ ተመራማሪዎች ከሎጎ ሐይቅና ከአርድቦ ወለል ጭቃ በረጅም ቧንቧ ወግተው አውጥተው መርምረዋል። ውጤቱ የታተመው እ.ኤ.አ. በ2003 ነው። ነገሩ እንዴት እንደሚሠራ እንመልከት።

ዛፍ ሲያብብ ከአበባው የሚነሣው ዱቄት በነፋስ ይበተናል። ከፊሉ ሐይቅ ላይ ወድቆ ይሰጥማል። ይህ ዱቄት በዓይን የማይለይ ደቃቅ ቢሆንም ቅርፊቱ ጠንካራ ነው፤ አየር በማይደርስበት ጭቃ ውስጥ ሺህ ዓመታት ሳይበሰብስ ይቆያል። የጥድ ዱቄት ከወይራ፣ የወይራው ከዝግባ በቅርጹ ይለያል። ጭቃውም በየዓመቱ አንዱ በሌላው ላይ እየተነባበረ ይሄዳል። ከታች ያለው የጥንቱ፣ ከላይ ያለው የቅርቡ ነው። ሰው ጫካ ሲያቃጥል የሚነሣው የከሰል ብናኝም አብሮ ይቀመጣል። እንግዲህ ይህን ጭቃ ከታች ወደ ላይ ማንበብ መጽሐፍ ገልጦ እንደማንበብ ነው።

ይህ መጽሐፍ የ3,000 ዓመት ያህል ታሪክ ይዟል። በመጀመሪያ ተራራው የዝግባና የጥድ ደን ለብሶ ነበር። ከዛሬ 2,500 ዓመት ገደማ በፊት ደኑ ተመነጠረ። በቦታውም ክትክታና ሣር ተተካ፤ ይህም ወደ 1,800 ዓመታት ያህል ቆየ። ብዙ ሰው «በአባቶቻችን ዘመን አገሩ ሁሉ ደን ነበር፤ የተራቆተው በእኛ ጊዜ ነው» ይላል። የጭቃው ምስክርነት ግን ምንጠራው ከእኛ እጅግ ቀድሞ መጀመሩን ያሳያል። ይህ ለእኛ ማመካኛ አይሆንም፤ ነገሩን በልኩ እንድናውቀው ግን ይረዳናል።

ከዚህ ይልቅ የሚያስደንቀው ቀጥሎ የመጣው ነው። እ.ኤ.አ. ከ1400 እስከ 1700 ባለው ጊዜ ደኑ ተመለሰ! ጥዱ፣ ከእርሱም ጋር ወይራና ቀውት የተባሉት ዛፎች እንደገና ተራራውን ሞሉት። ለምን? ተመራማሪዎቹ ሁለት ምክንያቶችን ይጠቅሳሉ፤ ዝናብ ጨምሮ ሊሆን ይችላል፣ ወይም የሰው ቁጥር ቀንሶ መሬቱ ዕረፍት አግኝቶ ሊሆን ይችላል ይላሉ። ያ ዘመን በአገራችን ታላላቅ ጦርነቶችና የሕዝብ እንቅስቃሴዎች የታዩበት እንደነበር ከታሪክ እናውቃለን። ከዚያ በኋላ ባሉት 300 ዓመታት ግን ደኑ እንደገና እየተመነጠረ፣ አፈሩም ከቀድሞው ይልቅ እየታጠበ ሐይቁ ውስጥ ገባ።

ከዚህ የምንረዳው ሁለት ነገር ነው። አንደኛው፣ የተመነጠረ ደን ዕረፍት ካገኘ ሊመለስ መቻሉ ነው። ተስፋ ለቆረጠ ሰው ይህ ታላቅ ምሥራች ነው። ሁለተኛው ግን ያስፈራል። ያኔ ደኑ የተመለሰው አፈሩ ገና በተራራው ላይ ስለነበረ ነው። ዛፍ በአፈር ላይ እንጂ በድንጋይ ላይ አይመለስም። ዛሬ የሚታጠበው አፈር ነገ ሊመለስ የሚችለውን ደን ይዞ እንደሚሄድ ማወቅ አለብን።

ሁለት የዓይን ምስክሮች

ከጭቃው ምስክርነት ሌላ የሰው ምስክርነትም አለ። እ.ኤ.አ. በ1520 ወደ አገራችን ከመጣው የፖርቱጋል መልእክተኛ ቡድን ጋር የነበረው ካህን ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ በሐይቅ አልፎ ያየውን ጽፏል። ገዳሙ በውሃ በተከበበ ደሴት ላይ እንደነበረ፣ ሰዎችም በሣር በተሠራ ታንኳ ይሻገሩ እንደነበር ይናገራል። በሐይቁ ውስጥ ጉማሬዎች መኖራቸውን ስማቸውን በአገሩ ቋንቋ ጠርቶ ጽፏል። ስለ አንድ ዓሣም ያወራል፤ ጭንቅላቱ እንደ ጉርጥ አስቀያሚ፣ ገላው ለስላሳ፣ ሥጋው ግን የሰባና እጅግ ጣፋጭ የሆነ ትልቅ ዓሣ እንደነበር ይገልጻል። ይህ ዛሬ አምባዛ የምንለው እንደሆነ ዓሣውን የሚያውቅ ሰው ወዲያው ይረዳል።

ከ11 ዓመታት በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1531፣ የኢማም አሕመድ ኢብን ኢብራሂም ሠራዊት እዚያው ደረሰ። የዘመቻውን ታሪክ «ፉቱሕ አል-ሐበሻ» በተባለው መጽሐፉ የጻፈው ዐረብ ፈቂህ ሠራዊቱ ወደ ደሴቱ ለመሻገር በውሃ ላይ የሚንሳፈፍ መሻገሪያ መሥራት ግድ እንደሆነበት ያወሳል። አንዱ ክርስቲያን፣ አንዱ ሙስሊም የሆኑ ሁለት ጸሐፊዎች በብዙ ነገር ባይስማሙም በዚህ ይስማማሉ፤ ቦታው በውሃ የተከበበ ደሴት ነበር።

ዛሬ ወደዚያ የሄደ ሰው ታንኳ አያስፈልገውም፤ በእግሩ ይገባል። ውሃው ወርዶ ደሴቱ ከየብስ ጋር ተያይዟልና። እርግጥ ነው፣ የሐይቁ ውሃ ላለፉት 2,000 ዓመታት ከዝናቡ ጋር አብሮ ከፍ ዝቅ ሲል መኖሩን ከጭቃው የተደረገ ሌላ ጥናት ያሳያል። ስለዚህ ለውሃው መውረድ ሰውን ብቻ መክሰስ አይገባም። ነገር ግን ጉማሬው የት ሄደ? ጉማሬ ቀኑን በውሃ ውስጥ ይውላል፤ ሌሊቱን ደግሞ ወጥቶ ሣር ይግጣል። ውሃ ብቻውን አያኖረውም፤ ሣር ብቻውንም አያኖረውም። ሁለቱም ጎን ለጎን መገኘት አለባቸው። የሐይቁ ዳርቻ ማሳ ሲሆን ከመኖሪያው ግማሹ ተወሰደ ማለት ነው። ውሃው እስከ ዛሬ አለ፤ ጉማሬ ግን የለም።

አረንጓዴ የሆነው ውሃ

አሁን ደግሞ ወደ ቅርቡ ዘመን እንምጣ። እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ መጨረሻ ሐይቁን ያጠኑ ባለሙያዎች ውሃው እጅግ የጠራ እንደነበር መዝግበዋል። የውሃ ጥራት የሚለካው ነጭ ሳሕን መሰል ነገር በገመድ አውርዶ ከዓይን እስኪሰወር ድረስ በማየት ነው። ያኔ ሳሕኑ እስከ 9 ሜትር ገደማ ጥልቀት ድረስ ይታይ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1992 የታተመ ጥናት ግን ከ2 ሜትር ባነሰ ጥልቀት እንደሚሰወር አስታወቀ። ውሃው አረንጓዴ ሆኖ ነበር። በሃያና በሠላሳ ዓመት ውስጥ ይህን ያህል ለውጥ ከየት መጣ?

በ1970 ዓ.ም. ገደማ ቆሮሶ ከሌላ ቦታ መጥቶ በሐይቁ ውስጥ ተጨመረ። ዓላማው መልካም ነበር፤ ሕዝቡ ዓሣ እንዲያገኝ ነው። በእርግጥም ቆሮሶው ረብቶ ለብዙ ቤተሰብ መተዳደሪያ ሆነ። ይህን መካድ አይገባም። ነገር ግን በሐይቁ ውስጥ አስቀድሞ የሚኖር፣ ማንም ልብ ያላለው ደቂቅ ፍጡር ነበር። ይህ በዓይን እምብዛም የማይታይ የውሃ ነፍሳት አልጌ የሚባለውን ደቂቅ አረንጓዴ ዕፅ እየበላ ውሃውን ያጠራ ነበር። ጫጩት ቆሮሶ ደግሞ ይህን ነፍሳት ይበላል። ነፍሳቱ ሲመናመን አልጌውን የሚበላ ጠፋ፤ አልጌው በዛ፤ ውሃው አረንጓዴ ሆነ። ከማሳ የታጠበው አፈርና ፍግም ለአልጌው ምግብ ሆነለት።

ነገሩ በዚህ አያበቃም። የበዛው አልጌ ሲሞት ወደ ታች ይሰጥማል፤ ሲበሰብስም በውሃው ውስጥ ያለውን ኦክስጅን ይጨርሳል። ስለዚህ የታችኛው ውሃ ዓሣ የማይኖርበት ይሆናል። በብርዱ ወራት የላይኛው ውሃ ሲቀዘቅዝና ነፋስ ሲበረታ የታችኛው ውሃ ከላይኛው ጋር ይደባለቃል። ያን ጊዜ ዓሣው መተንፈሻ አጥቶ በጅምላ ይሞትና ዳር ላይ ይወጣል። እንዲህ ያለ የዓሣ እልቂት በሐይቅ ደጋግሞ ታይቷል። ሰው ሲያየው «ሐይቁ ተመረዘ» ይላል። መንስኤው ግን የመኖሪያው ሚዛን መናጋቱ ነው።

ውድ ወላጆች! ይህን ታሪክ ለልጆቻችሁ ንገሯቸው። የማይታየው ፍጡር የሚታየውን እንደሚያኖር፣ አንድ ፍጡር ወደ አዲስ ቦታ ሲገባ በዚያ ያሉትን ሁሉ እንደሚነካ የሚያስተምር ከዚህ የተሻለ ምሳሌ በመማሪያ መጽሐፋቸው ውስጥ ላያገኙ ይችላሉ። እኛ በመምህርነታችን «ሐይቁ የሚጀምረው ከየት ነው?» ብለን ስንጠይቅ ተማሪው ወደ ዳርቻው ይጠቁማል። ትክክለኛው መልስ ግን የተራራው ጫፍ ነው።

የአምባሰል ንብ

ከውሃው ወጥተን ወደ ገደሉ ስንወጣ ደግሞ ንብን እናገኛለን። የአምባሰል የገደል ማርና በገመድ ወርዶ የሚቆርጠው ማር ቆራጭ በወሎ ምድር ሁሉ የታወቁ ናቸው። በቅዱስ ቁርኣን ውስጥ በንብ ስም የተሰየመ ምዕራፍ፣ ሱረቱ-ነሕል፣ እንዳለ ሁላችንም እናውቃለን። በዚያም የንብ ማደሪያ ተብለው የተወሱት ተራራ፣ ዛፍና ሰው የሚሠራው ቦታ መሆናቸውን ልብ እንበል። አምባሰል ሦስቱንም ይዛለች፤ በገደሉ ዋሻ ውስጥ፣ በዛፍ ሽንቁር ውስጥ፣ በገበሬው ቀፎ ውስጥ ንብ አለ።

ነገር ግን ንብ ገደል ብቻውን አይበቃትም። ከማደሪያዋ ከጥቂት ኪሎ ሜትር በላይ ርቃ ቀስማ መመለስ ስለማትችል አበባው በቅርብ መኖር አለበት። በመስከረም አደይ አበባ ሜዳውንና የማሳውን ዳር ሲያለብሰው ንቧ ትሠራለች፤ በጥቅምትና በኅዳር ማር ይቆረጣል። አበባው ካለፈ በኋላ ደግሞ ግራሩና ግራዋው፣ ሌላውም ቁጥቋጦ በየተራው ያብብላታል። ቁጥቋጦው ሁሉ ለማገዶ ተቆርጦ ካለቀ በመካከሉ የረሃብ ወራት ይመጣባታል። ያን ጊዜ ትሰደዳለች። ለአረም ወይም ለተባይ የሚረጨው መድኃኒትም ማሳው ባበበበት ሰዓት ከተረጨ ሠራተኛዋን ንብ ይገድላታል። ንቧ ስትጠፋ የሚጎዳው ማር ቆራጩ ብቻ አይደለም። ባቄላውም፣ ኑጉም፣ ፍራፍሬውም በደንብ የሚያፈራው ንብ ዱቄቱን ከአበባ ወደ አበባ ስታደርስለት ነው።

ደኑም እንዲሁ በሌላው ላይ የተደገፈ ነው። የወይራንና የጥድን ፍሬ በልቶ ዘሩን በየገደሉ የሚጥለው ወፍ ነው። ወፉ ደግሞ የሚያርፍበት ዛፍ ይሻል። በየአካባቢያችን በቀብር ቦታዎች፣ በመሻይኾች ቀብርና በየቤተ ክርስቲያኑ ዙሪያ ሳይቆረጡ የቀሩት ጥንታውያን ዛፎች በዚህ ረገድ ትልቅ ዋጋ አላቸው። ዘር የሚገኘው ከእነርሱ ነውና። አንድ አሮጌ ወይራ ከቀብር ቦታ ሲቆረጥ የሚጠፋው ጥላ ብቻ ሳይሆን የነገው ደን ዘር ጭምር ነው።

ከሐረማያ የመጣ ማስጠንቀቂያ

«ይህን ያህል ጥልቅ የሆነ ሐይቅ እንዴት ይደርቃል?» የሚል አይጠፋም። የሐረማያ ሰዎችም እንዲሁ ይሉ ነበር። በምሥራቅ ሐረርጌ የነበረው የሐረማያ ሐይቅ ለብዙ ዓመታት ለሐረር ከተማ የሚጠጣ ውሃ ይሰጥ ነበር። ከዙሪያው ካሉት ኮረብቶች አፈር እየታጠበ ሞላው፤ ለጫትና ለአትክልት መስኖ ያለማቋረጥ ተሳበ። በ1990ዎቹ ዓ.ም. መጨረሻ ላይ ፈጽሞ ደረቀ። ቀድሞ ጀልባ ይቀዘፍበት በነበረው ቦታ ከብት ተሰማራ። በቅርብ ዓመታት ውሃው በከፊል ተመልሷል፤ አልሐምዱሊላህ። ነገር ግን በዚያ መካከል የሐረር ነዋሪ ውሃ ፍለጋ የከፈለውን ዋጋ የከፈለው ያውቀዋል።

እርግጥ ሐረማያ ጥልቀት አልነበረውም፤ ሎጎ ሐይቅ ግን ጥልቅ ነው። ቢሆንም የሁለቱ ታሪክ በብዙ ይመሳሰላል። በሐይቅ ዙሪያም ተዳፋቱ ይታረሳል፤ አፈር ይታጠባል፤ ለመስኖ ውሃ ይሳባል። ሐይቅ ደግሞ ዳርቻው ከጠፋ ሳይደርቅም ሊሞት ይችላል። መካከሉ 80 ሜትር ጠልቆ እንኳ ዓሣው መራቢያ፣ ወፉ ማረፊያ ካጣ ባዶ የውሃ ጉድጓድ ነው።

ጥብቅ መሬት በታሪካችን

አካባቢን ከልሎ ማስቀመጥ ከውጭ የመጣ አዲስ ሐሳብ ይመስለናል። ነገር ግን በእስልምና ታሪክ «ሒማ» የሚባል ጥብቅ መሬት ከመጀመሪያው ጀምሮ ነበር። ነቢዩ ሙሐመድ (ሰ.ዐ.ወ) በመዲና አቅራቢያ ነቂዕ የተባለውን የግጦሽ ቦታ ከልለው ነበር። በመዲና ክልል ውስጥም ዛፍ እንዳይቆረጥ፣ አውሬ እንዳይታደን ከልክለዋል። ከእርሳቸው በኋላ ኸሊፋው ዑመር ኢብኑል-ኸጣብ (ረ.ዐ) ረበዛ የተባለውን ቦታ ጥብቅ አደረጉ።

በዚህ ታሪክ ውስጥ ልናስተውለው የሚገባ ትልቅ ቁም ነገር አለ። ዑመር ለጥብቁ ጠባቂ ሲያዝዙ ጥቂት ግመልና ጥቂት በግ ያለውን ድሃ እንዲያስገባ፣ የታወቁትን ባለጠጎች ከብት ግን እንዳያስገባ ነግረውታል። ምክንያታቸውም ግልጽ ነበር። የባለጠጋው ከብት ቢያልቅ እርሻና የተምር ማሳ አለው፤ ድሃው ግን ከብቱ ካለቀ ልጆቹን ይዞ ደጃቸው ይመጣል። እንግዲህ ጥብቅ መሬት ማለት ድሃውን አባርሮ ሣሩን ማሳደግ አይደለም። መሬቱም ድሃውም አብረው የሚጠበቁበት ሥርዓት ነው።

ይህ ለእኛ የቅርብ ትምህርት አለው። ከ1977ቱ ድርቅ ወዲህ በወሎ ብዙ ተራራዎች ከሰውና ከከብት ንክኪ ተከልለው፣ እርከን ተሠርቶባቸው፣ ችግኝ ተተክሎባቸው ነበር። በ1983 ዓ.ም. የመንግሥት ለውጥ ሲሆን ግን ከእነዚህ ብዙዎቹ በጥቂት ጊዜ ውስጥ ተጨፈጨፉ። ሕዝቡ ዛፍ ጠልቶ ነውን? አይደለም። ተራራው «የመንግሥት» እንጂ «የእኛ» አልተባለም ነበር። ግጦሹን የተነጠቀ፣ ምትክ ያልተሰጠው፣ ሐሳቡን ያልተጠየቀ ሰው ጠባቂ ሊሆን አይችልም። ተከልሎ የቆየው ቦታ ሁሉ ደግሞ ጭቃው የነገረንን እውነት አሳይቷል። መጀመሪያ ሣሩ ይመጣል፤ ቀጥሎ ክትክታው፤ ከዚያ ወፍ የጣለው ወይራ በክትክታው ጥላ ሥር ይበቅላል። የወረደውም ዝናብ እየሮጠ ጎርፍ መሆኑ ቀርቶ ወደ መሬት ይሰርጋል።

ታዲያ ምን እናድርግ?

ታሪክን የምናነበው ለማወቅ ብቻ ሳይሆን ለመሥራትም ነው። በተራራው ላይ የምትኖሩ፣ እርከናችሁን የምታድሱት ለራሳችሁ ማሳ ብቻ እንዳይመስላችሁ፤ ከታች ላለው ዓሣ አስጋሪም ነው። በቦረቦር ላይ የምትሠሩት ክትር አፈሩን ከሐይቁ ያስቀርለታል። በዳርቻው የምታርሱ፣ ከውሃው አጠገብ ያለውን ቄጠማና ሣር ጥቂት ስፋት ትታችሁለት እረሱ፤ ደለሉን የሚያጣራው፣ ለዓሣውም መራቢያ የሚሆነው እርሱ ነው። መድኃኒት የምትረጩ፣ አበባ በፈነዳበት ሰዓት አትርጩ፤ ግድ ከሆነ ንብ ወደ ማደሪያዋ ከገባች በኋላ ሲመሽ ይሁን። የመርጫውን ዕቃም ሐይቅ ውስጥ አትጠቡት። ዓሣ የምታሰግሩ፣ ጫጩቱን በጠባብ መረብ ጠራርጎ ማውጣት የነገን ራት ዛሬ እንደ መብላት መሆኑን አትርሱ።

የጀማዓ አለቆችና የሰፈር ሽማግሌዎች ደግሞ ሌላ ኃላፊነት አለባችሁ። ተራራ ሲከለል አንዲት ፍየል ብቻ ያላት ባልቴት ምን እንደምትሆን አስቀድማችሁ ጠይቁ። ሣሩ ታጭዶ ሲከፋፈል የመጀመሪያው ሸክም የእርሷ ይሁን። ያኔ ጥብቁን ከማንም ዘበኛ ይልቅ የምትጠብቀው እርሷ ትሆናለች። ይህ ሥራ የአንድ ወገን ብቻም አይደለም። ጎርፉ የሙስሊሙንና የክርስቲያኑን ማሳ ለይቶ አያውቅም፤ በወሎም ሁለቱ በደቦ አብረው ሲሠሩ ኖረዋል።

እናቶችና አባቶች! ልጆቻችሁን ይዛችሁ ወደ ሐይቅ ስትሄዱ ውሃውን ብቻ አታሳዩአቸው። ፊታቸውን ወደ ተራራው አዙሩና የዚህ ውሃ ሥሩ እዚያ ላይ መሆኑን ንገሯቸው። ቀድሞ ጉማሬ እንደነበረ፣ ገዳሙም ደሴት እንደነበረ ንገሯቸው። ደኑ አንድ ጊዜ ጠፍቶ መመለሱንም አትደብቋቸው። በዛሬ ጊዜ ወደ ሐይቁ ወለል የሚወርደው ጭቃ የእኛን ዘመን እየመዘገበ ነው። ከሺህ ዓመት በኋላ የሚያነበው ሰው በእኛ ንብርብር ውስጥ የሚያገኘው የወይራና የጥድ አበባ ዱቄት ይሁን ወይስ የታጠበ አፈር ብቻ፣ መልሱ ያለው በእጃችን ነው።

አላህ የሰጠንን አደራ የምንጠብቅ ያድርገን። ወላሁ አዕለም።